በእስር ቤት ውስጥ ያስተማሩት የፊዚክስ ምሁር

የልጅ ልጄ ደብተሮቹን በፌስታል ጠቅልሎ አልጋ ሥር ሲከት አየሁት። ስምንተኛ ክፍል መሆን ነበረበት፤ ነገር ግን በአካባቢያችን ባለው የጸጥታ ችግር ምክንያት ትምህርት ቤቱ ከተዘጋ ሰንብቷል። «ለምን ትደብቃቸዋለህ?» ብዬ ብጠይቀው «እምዬ፣ ከእንግዲህ ምን ያደርጉልኛል?» አለኝ። በቡሬና በፍኖተ ሰላም በነርስነት ሳገለግል ብዙ ሕመምተኛ አስታምሜአለሁ፤ ከሁሉም የሚከብደኝ ተስፋ የቆረጠው ነበር። ልጅ ሲሆን ደግሞ ይብሳል።

በዚያ ምሽት የዶክተር ሙሉጌታ በቀለን ታሪክ ነገርኩት።

ዶክተር ሙሉጌታ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት ያስተማሩ የንድፈ ሐሳብ ፊዚክስ ምሁር ናቸው። የንድፈ ሐሳብ ፊዚክስ የተፈጥሮን ሕግ በሒሳብ የሚመረምር ሙያ ነው፤ ዋና ዕቃው ወረቀትና እርሳስ ነው። በአሜሪካ ሜሪላንድ ዩኒቨርሲቲ ሁለተኛ ዲግሪያቸውን ይዘው ወደ አገራቸው ተመለሱ። በደርግ ዘመን ግን ያለ ፍርድ ለዓመታት ታሰሩ፤ ተገረፉ፤ ተሠቃዩ። እዚያው እስር ቤት ውስጥ ሆነው አብረዋቸው ለታሰሩት ሳይንስ ያስተምሩ ነበር።

ዶክትሬታቸውን ያገኙት ከእስር ከወጡ ከዓመታት በኋላ ነው፤ በሕንድ አገር፣ በባንጋሎር የሳይንስ ተቋም፣ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ። እ.ኤ.አ. በ2012 የአሜሪካ የፊዚክስ ማኅበር ለሰብአዊ መብትና ለትምህርት ነጻነት ባደረጉት ጥረት የአንድሬ ሳካሮቭን ሽልማት ሰጣቸው። ሳካሮቭ ራሱ በሶቪየት ኅብረት ስለ ሰብአዊ መብት በመናገሩ በግዞት የኖረ የፊዚክስ ሊቅ ነበር።

ልጁ ታሪኩን ሰምቶ «ምን አጥንተው ነው ግን?» ሲል ጠየቀኝ። ጥያቄው ደስ አሰኘኝ።

እ.ኤ.አ. በ1827 ሮበርት ብራውን የተባለ የዕፅዋት ተመራማሪ በማይክሮስኮፕ ሲመለከት፣ ከአበባ ዱቄት የወጡ ደቃቅ ቅንጣቶች ውሃ ውስጥ ያለ ዕረፍት ሲወራጩ አየ። አንስታይን እ.ኤ.አ. በ1905 ምክንያቱን አብራራ፤ በዓይን የማይታዩት የውሃ ሞለኪውሎች ከየአቅጣጫው እየገፏቸው ነው። ዶክተር ሙሉጌታ ከተመራመሩባቸው ነገሮች አንዱ ይህ መወራጨት ነው። እ.ኤ.አ. በ2004 ከመስፍን አስፋው ጋር በአንድ የአውሮፓ የፊዚክስ መጽሔት ላይ ያወጡት ጥናት እንዲህ ያለችን ቅንጣት እንደ ሞተር ያያታል። በምትሄድበት መንገድ አንዱ ቦታ ሞቃት፣ ሌላው ቀዝቃዛ ከሆነ፣ ያ አቅጣጫ የለሽ መወራጨት ወደ አንድ ወገን ተመርቶ ሥራ ሊሠራ ይችላል።

እኔ ይህን ያየሁት በጤና ጣቢያ ነው። ለቁስል ማጠቢያ ፐርማንጋኔት ስንበጠብጥ ሐምራዊው ቀለም ማንም ሳያማስለው ቀስ እያለ ይሰራጫል። ቤት ውስጥ ፐርማንጋኔት ስለሌለን በማግስቱ የቀይ ሥር ጭማቂ ወሰድንና አንድ አንድ ጠብታ በቀዝቃዛና በሙቅ ውሃ ብርጭቆ ውስጥ ጣልን። በሙቁ ቶሎ ተሰራጨ፤ ሙቀት ሲጨምር የሞለኪውሎች እንቅስቃሴ ይጨምራልና፣ ውሃውም ራሱ ይዘዋወራልና። ልጁ ሰዓት ይዞ ቆጠረ። ከዚያ ሳልነግረው ውጤቱን የሚጽፍበት ደብተር ፍለጋ አልጋ ሥር ገባ።

ውድ ወላጆችና አያቶች፣ የቤት ትምህርት ትምህርት ቤትን አይተካም። ልጆቻችን መምህር፣ ጓደኛና ፈተና ያስፈልጋቸዋል፤ ትምህርት ቤቶቹም ተከፍተው ማየት የሁላችን ምኞት ነው። እስከዚያ ግን በቀን አንድ ሰዓት ወስነን አብረናቸው እንቀመጥ። ፊደል የማናውቅ ብንሆን እንኳ ትልቁ ታናሹን እንዲያስተምር እናድርግ፤ የሚያስተምር ልጅ ራሱ አይረሳም። ወንድ ልጅ ለእረኝነት፣ ሴት ልጅ ለጓዳ ብቻ ናት የሚለው ሐሳብ በዚህ ክፍተት ተመልሶ እንዳይገባብንም እንጠንቀቅ።

አሁን ማክሰኞና ሐሙስ ሁለት የጎረቤት ልጆች እኛ ቤት ይመጣሉ። የልጅ ልጄ ክፍልፋይ ያስተምራቸዋል። ሲሳሳት ይቆጣል፤ ከዚያ ደብተሩን አገላብጦ ያርማል። እኔም ቡናዬን እያፈላሁ እሰማለሁ።