በአንድ ድምፅ የመጣ መንገድ

የመንገድ ጉዳይ ለገጠር ሰው እንግዳ አይደለም። ማዳበሪያው ወረዳው መጋዘን ገብቶ ሳለ ወንዝ ሞልቶ፣ የዘር ወቅት ሲያልፍ ያላየ የገበሬ ማኅበር መሪ የለም ለማለት ይቻላል። ሊቀ መንበሩ ማመልከቻ ይጽፋል፤ «ይታሰብበታል» የሚል መልስ ይመጣለታል። ለመሆኑ ይህንኑ ጥያቄ ይዞ አገር አቀፍ ምክር ቤት የገባ እንደራሴ ምን ያህል ሊሠራ ይችላል? በዛሬው ጽሑፋችን ከአገራችን ወጣ ብለን፣ ለመንደራቸው መንገድ ሲሉ ጠቅላይ ሚኒስትሩን ራሱን ደጅ ያስጠኑትን የአየርላንዱን እንደራሴ የሚስተር ጃኪ ሂሊ-ሬይን ሕይወትና ሥራ እንመለከታለን።

ኬሪ በአየርላንድ ደቡብ ምዕራብ ጫፍ፣ በአትላንቲክ ውቅያኖስ ዳር የሚገኝ ተራራማ አውራጃ ነው። የአገሪቱ ከፍተኛ ተራራ ካራንቱሂል የሚገኘውም በዚሁ ሲሆን ቁመቱ 1,038 ሜትር ያህል ነው፤ የሰሜንን ተራሮች የሚያውቅ አንባቢ ኮረብታ ነው ቢል አይፈረድበትም። ገበሬው የሚተዳደረው በአብዛኛው በወተት ላምና በበግ እርባታ ነው። ዝናቡ ብዙ በመሆኑ የገጠሩ ጠባብ መንገድ ቶሎ ይቦረቦራል።

ሚስተር ሂሊ-ሬይ የተወለዱት በአውሮፓ አቆጣጠር በ1931 ኪልጋርቫን በምትባል የኬሪ መንደር ነው። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው።) በአካባቢው ሂሊ የሚባል ቤተሰብ ስለሚበዛ፣ ለመለያ እንዲሆን «ሬይ» የምትለዋ ቃል ከቀያቸው ስም ተወስዳ ተቀጥላበታለች። ሰውዬው ያርሳሉ፣ ከብት ያረባሉ፣ በመንደሯ መጠጥ ቤት ነበራቸው፤ የመሬት መቆፈሪያ መኪናም ያከራዩ ነበር። የጠጠርና የቁፋሮን ዋጋ ጠንቅቀው ቢያውቁ አያስገርምም።

በ1973 የኬሪ አውራጃ ምክር ቤት አባል ሆኑ። በዚያም ለ30 ዓመታት ያህል ሠሩ። በአየርላንድ መራጩ በወረቀቱ ላይ ተወዳዳሪዎችን 1፣ 2፣ 3 እያለ በምርጫው ቅደም ተከተል ያስቀምጣል፤ ከአንድ ወረዳም ብዙ እንደራሴዎች ይመረጣሉ። ስለዚህ አንድ ተወዳዳሪ የሚፎካከረው ከሌላው ፓርቲ ሰው ጋር ብቻ ሳይሆን ከራሱ ፓርቲ ሰውም ጋር ነው። ሁለቱ በፖለቲካ አንድ ዓይነት ከሆኑ መራጩ የሚለያቸው በምንድን ነው? ጡረታዋ የዘገየባትን አሮጊት ጉዳይ ማን ተከታተለ፣ የተሰበረውን ድልድይ ማን አስጠገነ በሚለው ነው። የአየርላንድ እንደራሴዎች በሳምንቱ መጨረሻ ወደ ወረዳቸው ተመልሰው በየመንደሩ አቤቱታ ሲሰሙ የሚታዩት በዚሁ ምክንያት ነው።

በ1997 ሚስተር ሂሊ-ሬይ ዕድሜያቸው 66 ነበር። ለረዥም ዘመን ያገለገሉት ፊያና ፎይል የተባለው ፓርቲ በዕጩነት ሳያቀርባቸው ቀረ። እሳቸውም አኩርፈው ቤት በመቀመጥ ፈንታ በግል ተወዳድረው፣ ደቡብ ኬሪ ከሚልካቸው ሦስት እንደራሴዎች አንዱ ሆነው ደብሊን ገቡ። በዚያን ጊዜ የምክር ቤቱ ወንበር 166 ነበር። የሚስተር በርቲ አኸርን ፊያና ፎይል 77፣ ተባባሪው ፓርቲ 4 ወንበር ስላገኙ ድምሩ 81 ብቻ ሆነ። የጎደለውን ለመሙላት ጥቂት የግል ተመራጮች ይፈለጉ ነበር፤ ከነዚህም አንዱ ፓርቲው የገፋቸው ሰው ነበሩ! በምላሹ የጠየቁት ሹመት ሳይሆን በመጀመሪያ ደረጃ ለኬሪ መንገዶች ገንዘብ ነው። በከተማ ሰዎች በቆባቸውና በአነጋገራቸው ይሳቅ ነበር። ይሁን እንጂ በቆቡ የሚስቅ ሰው ድምፁን መቁጠር አይቀርለትም።

በ2002 ምርጫ ግን ሁለቱ ፓርቲዎች 89 ወንበር አገኙ። ሚስተር ሂሊ-ሬይ ዳግመኛ ተመርጠዋል፤ መንግሥት ግን አላስፈለጉትም። ያው ሰው፣ ያው መንደር፣ ያው የተቦረቦረ መንገድ፤ የተለወጠው ቁጥሩ ብቻ ነው። የዚህ ዓይነቱ እንደራሴ ድካም እዚህ ላይ ይታያል።

በ2007 እንደገና ተፈለጉ። ከሚስተር አኸርን ጋር ስምምነት አደረጉ፤ ዝርዝሩ ግን ለሕዝብ አልወጣም። ይህ ጸሐፊ በዚህ አይስማማም። ቀደም ሲል በ1982 ቶኒ ግሬጎሪ የተባሉ የደብሊን ድሃ ሰፈር እንደራሴ ከሚስተር ቻርልስ ሆሂ ጋር ተመሳሳይ ስምምነት አድርገው ነበር። እሳቸው ግን በጽሑፍ አስፈርመው፣ በምክር ቤቱ ፊት አንብበው በቃለ ጉባኤው እንዲሰፍር አደረጉ። ያ መንግሥት በዚያው ዓመት በኅዳር ስለወደቀ ብዙው ሳይፈጸም ቀረ። ሆኖም ምን እንደተገባለትና ምን እንደቀረበት ሰፈሩ ያውቅ ነበር። የኪልጋርቫን ገበሬ በ2007 የተገባለትን ቃል ቆጥሮ ሊጠይቅ የሚችለው በምን ሰነድ ነው?

ከሁሉ የከበደው ጊዜ 2010 ነበር። ባንኮች ተናግተው አየርላንድ የ85 ቢሊዮን ዩሮ የብድር ዕቅድ ተቀበለች። በታኅሣሥ የቀረበው በጀት የሕፃናትን ድጎማ ቀነሰ፤ በዚያው ሰሞን ዝቅተኛው የሰዓት ደመወዝም በ1 ዩሮ ወረደ። ሚስተር ሂሊ-ሬይ በጀቱን ደግፈው ድምፅ ሰጡ፤ ከጥያቄዎቻቸው አንዱ በኬንሜር ከተማ የሚሠራ ሆስፒታል ነበር። የኬንሜር ሽማግሌ መታከሚያ ሲያገኝ፣ የኬንሜር የቀን ሠራተኛ ደግሞ ከደመወዙ ተቀንሶበታል ማለት ነው። ሁለቱ አንድ ቤት የሚኖሩ አባትና ልጅ ሊሆኑም ይችላሉ።

በ2011 ምርጫ አልተወዳደሩም። ከ70 በላይ ወንበር የነበረው ፊያና ፎይል 20 ብቻ ይዞ ሲቀር፣ የሚስተር ሂሊ-ሬይን ወንበር ልጃቸው ማይክል በምርጫ አገኙት። ሆስፒታሉ በ2013 ተከፈተ። አዛውንቱ በታኅሣሥ 2014 በ83 ዓመታቸው አረፉ። በ2016 ኬሪ አንድ ወረዳ ሆና ከተሰጧት 5 ወንበሮች ሁለቱን ማይክልና ወንድማቸው ዳኒ ያዙ። በጥር 2025 ደግሞ መንግሥት የግል ተመራጮች ድጋፍ እንደገና አስፈለገው፤ ማይክልም በእርሻ ሚኒስቴር የሚኒስትር ዴኤታነት ሹመት ተቀበሉ።