ከበሽተኛው አልጋ ወደ ምክር ቤት፦ የሩዶልፍ ቪርኾ መንገድ



ሐኪም ወደ ፖለቲካ ሲገባ ብዙዎቻችን «ሥልጣን አማረው» እንላለን። የጀርመናዊው ሐኪም የሩዶልፍ ቪርኾ ታሪክ ግን ሌላ ምክንያት ያሳየናል። ዓመታቱን የምጠራው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

በ1848 መጀመሪያ በላይኛው ሲሌዥያ የተስቦ ወረርሽኝ ሕዝብ ይፈጅ ነበር። የፕሩሲያ መንግሥት የ26 ዓመቱን ቪርኾን ሁኔታውን መርምሮ እንዲያቀርብ ላከው። በቆየባቸው ሦስት ሳምንታት ገደማ ያየው የተራበ፣ በጠባብ ጎጆ ተፋፍጎ የሚኖር፣ በአብዛኛው ፖላንድኛ የሚናገር ሕዝብ ነበር፤ የሚገዛው መንግሥት ቋንቋ ግን ጀርመንኛ ነው። ስለዚህ ዘገባው መድኃኒት በማዘዝ አልተወሰነም። ሙሉ ዴሞክራሲ፣ በሕዝቡ ቋንቋ የሚሰጥ ትምህርት፣ የራስ አስተዳደር፣ ከድሃው ይልቅ በባለጸጋው ላይ የሚያርፍ ግብር፣ መንገድና የተሻሻለ እርሻ ያስፈልጋል አለ።

ተስቦን የሚያስተላልፈው ቅማል መሆኑን ሻርል ኒኮል ያረጋገጠው በ1909፣ ቪርኾ ከሞተ ከ7 ዓመት በኋላ ነው። ቪርኾ አስተላላፊውን ሳያውቅ በሽታው የሚራባበትን ኑሮ ለይቶ ነበር፤ ቅማል የሚበዛው ሰው በተፋፈገበትና ቅያሪ ልብስ ባጣበት ቦታ ነውና። ይሁን እንጂ ግብርንና ትምህርት ቤትን ሐኪም በማዘዣ ወረቀት ሊያዝዝ አይችልም፤ የሚወሰኑት በመንግሥት ነው። ወደ ፖለቲካ የመራውም ይህ ነው።

በዚያው ዓመት መጋቢት በበርሊን ከዐመፀኞቹ ጋር በምሽግ ቆመ፤ በቀጣዩ ዓመት ሥራውን አጥቶ ወደ ቩርትስቡርግ ሄደ። በ1856 ተመለሰ፤ በ1859 የበርሊን ከተማ ምክር ቤት፣ በ1862 ደግሞ የፕሩሲያ ምክር ቤት አባል ሆነ። ቢስማርክን አጥብቆ ከመቃወሙ የተነሣ በ1865 ቢስማርክ ለፍልሚያ ጠራው፤ እርሱም ጥሪውን አልተቀበለም። ይህ ሁሉ ሲሆን የፓቶሎጂ መምህርነቱን አልተወም።

እዚህ ላይ አንድ ልዩነት እናስተውል። በሽተኛ የሐኪሙን ቃል አምኖ ይቀበላል፤ ዜጋ ግን ይከራከራል፣ ድምፁንም ሊነፍግ ይችላል። ቪርኾ ኢንጂነር ጀምስ ሆብሬኽት ያቀደው የበርሊን ፍሳሽ ማስወገጃ እንዲሠራ ምክር ቤቱን ማሳመን ነበረበት፤ ግንባታው የተጀመረው በ1870ዎቹ ነው። ይህ መዘግየት ያስቆጫል። ሆኖም ቪርኾ ራሱ የበሽታ መንሥኤ ተሕዋስያን ናቸው የሚለውን አዲስ ትምህርት ለረጅም ጊዜ ተጠራጥሯል። ታላቅ ሊቅም ስለሚሳሳት፣ የሐኪም ሐሳብ በሌሎች ጥያቄ መፈተኑ ተገቢ ነው።

ውድ ተማሪዎች፤ ያዳናችሁት ሰው ወዳሳመመው ቤት ሲመለስ ታያላችሁ። ያን ጊዜ ሁላችሁም ለምርጫ ተወዳደሩ አልልም። ነገር ግን ያያችሁትን መዝግቡ፤ መወሰን ለሚችሉትም ንገሩ፤ ሲከራከሯችሁም አድምጡ።