በአሮጌ ትራንስፎርመር ውስጥ ያለ መርዝ

ድሬዳዋ ባቡር የቆረቆራት፣ ጨርቃ ጨርቅና ሲሚንቶ ፋብሪካ ያሳደጋት ከተማ ናት። እንዲህ ባለ ቦታ ከ1980ዎቹ (እ.ኤ.አ.) በፊት የተሠራ ትራንስፎርመር ቢገኝ፣ ዘይቱ ፖሊክሎሪኔትድ ባይፌኒል (ፒሲቢ) እንደሌለበት በምርመራ ሳይረጋገጥ መነካት የለበትም።

ፒሲቢ ለማቀዝቀዣነት የተመረጠው በቀላሉ ስለማይቀጣጠል ነው። ክፋቱ፣ አይበሰብስም። ውኃ ውስጥ እምብዛም አይሟሟም፤ ከአፈርና ከስብ ጋር ግን ይጣበቃል። ዘይቱ በፈሰሰበት መሬት የምትግጥ ፍየል ወይም ግመል በወተቷ ታወጣዋለች፤ እናትም በጡቷ ለልጇ ታስተላልፋለች።

በ1968 እ.ኤ.አ. ጃፓን ውስጥ ፒሲቢ የገባበትን የሩዝ ዘይት የበሉ ሰዎች ቆዳቸው በከባድ ብጉር ተሸፈነ፤ ከተጎዱት እናቶችም ቆዳቸው ባልተለመደ ሁኔታ የጠቆረ ሕፃናት ተወለዱ። ዓለም አቀፉ የካንሰር ምርምር ኤጀንሲ በ2013 እ.ኤ.አ. ፒሲቢ ካንሰር አምጪ መሆኑን አረጋገጠ። ጉበትን፣ ታይሮይድንና የሕፃናትን የአእምሮ እድገትም ይጎዳል።

እጅግ የሚያሳስበው የአሮጌ ትራንስፎርመር ዘይትን ሳያውቁ ለብየዳ ማሽን ማቀዝቀዣ የሚያውሉ፣ በርሜሉንም አጥበው ውኃ የሚያጠራቅሙበት ሰዎች ጉዳይ ነው። ሜዳ ላይ ማቃጠልም የባሰ መርዝ የሆኑትን ፉራኖች ይፈጥራል። ኢትዮጵያ ያጸደቀችው የስቶክሆልም ስምምነት የፒሲቢ ቆሻሻ እስከ 2028 እ.ኤ.አ. በጥንቃቄ እንዲወገድ ይጠይቃል።