በዕቃው ላይ የተጻፈው ቀን በማን አቆጣጠር ነው?

ከአዲስ አበባ ተነሥቶ በሙከጡሪና በለሚ በኩል የጀማን ሸለቆ ወርዶና ወጥቶ ዓለም ከተማ የሚደርሰው የጭነት መኪና ዘይት፣ የዱቄት ወተት፣ የታሸገ ቲማቲም፣ ፓስታና ብስኩት ያራግፋል። የመርሐቤቴ እናት በገዛ እጇ ያሰናዳችውን ሽሮና በርበሬ፣ ቂቤና እርጎ በመልኩና በጠረኑ ለይታ ታውቀዋለች። ከፋብሪካ ታሽጎ የመጣውን ግን የምታውቀው በላዩ ላይ በታተመው ቀን ነው። ስለዚህ ቀኑን በትክክል ማንበብ ከቤት አያያዝ ሙያ አንዱ ክፍል ሆኗል።

ውድ አንባቢያን፣ ከሁሉ አስቀድሞ የሚያሳስተው የዘመን አቆጣጠሩ ነው። ከውጭ አገር በሚመጡ ዕቃዎች ላይ የሚታተመው ቀን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው፤ በአገር ውስጥ በተመረቱትም ብዙዎቹ ላይ እንዲሁ። በኛ 2018 ዓ.ም. ላይ አንዲት እናት በዱቄት ወተት ጣሳ ላይ «12/2025» የሚል ብታይ፣ ገና ሰባት ዓመት ይቀረዋል ብላ ልትገዛው ትችላለች። ነገር ግን ያ ወተት ጊዜው የሚያበቃው ታኅሣሥ 22 ቀን 2018 ዓ.ም. ነው። ስሌቱ ቀላል ነው፤ ከመስከረም 1 ቀን እስከ ታኅሣሥ 22 ቀን ገደማ ከአውሮፓው ዓመት ላይ 7፣ ከዚያ በኋላ እስከ ጳጉሜን መጨረሻ 8 ይቀንሱ።

የቀንና የወሩም ቅደም ተከተል ልብ ሊባል ይገባል። «10/06/2026» የሚለውን አንዱ አገር ሰኔ 3 ቀን 2018 ዓ.ም.፣ ሌላው ደግሞ መስከረም 26 ቀን 2019 ዓ.ም. አድርጎ ያነበዋል። ጥርጣሬ ካለ ቅርቡን ቀን መያዝ ይበጃል። የተመረተበትን ቀን ከሚያበቃበት ቀን ጋር ማምታታትም አይገባም። ፊደሉን ማንበብ ካዳገተዎ ልጅዎን ወይም ባለሱቁን ይጠይቁ፤ መጠየቅ ነውር አይደለም።

ከቀኑ ጋር የተጻፈውም ቃል ትርጉም አለው። «ቤስት ቢፎር» ማለት እስከዚያ ቀን ጣዕሙና ጥራቱ እንደተጠበቀ ይቆያል ማለት ነው። ቤት ውስጥ የተቀመጠ ደረቅ ፓስታ ወይም ብስኩት ቀኑ ጥቂት ቢያልፍ፣ እሽጉ ካልተከፈተና ካልረጠበ ወዲያው መርዝ ሆነ ማለት አይደለም። «ዩዝ ባይ» ወይም «ኤክስፓየሪ» የሚለው ግን የመጨረሻው ወሰን ነውና ካለፈ አይበሉት። የሕፃናት ወተትና ምግብ ከሆነማ አንድ ቀን እንኳ ቢያልፍ ለልጅ መስጠት ፈጽሞ አይገባም።

ቀኑ ገና ነው ማለት ብቻውን ዋስትና እንደማይሆንም መዘንጋት የለበትም። ቀኑ የሚሠራው ዕቃው ሳይከፈት፣ በደረቅና በቀዝቃዛ ስፍራ ለተቀመጠ ብቻ ነው። በቆላው ሙቀት ሲጓዝ የዋለ፣ በሱቅ ደጃፍም ፀሐይ የመታው ዕቃ ከቀኑ በፊት ሊበላሽ ይችላል። ስለዚህ ጣሳውን አገላብጠው ይመልከቱ። የተነፋ፣ የሚያፈስ፣ በመገጣጠሚያው ላይ የተቆለመመ ወይም ክፉኛ የዛገ ከሆነ ይተዉት። በአግባቡ ባልታሸገ ጣሳ ውስጥ የሚራባው ቦቱሊነም የተባለው ተሕዋስ የሚያመነጨው መርዝ ጡንቻን አስሮ ትንፋሽ እስከ ማሳጣት ይደርሳል፤ ጠረኑም ሆነ ጣዕሙ ላይታወቅ ይችላል። «ቀምሼ ልየው» ማለት እንግዲህ ለሕይወት አደገኛ ነው።

ቀን ለማይጻፍበት የቤት ምግብም ደንብ አለው። የሻገተ እንጀራን ሻጋታ ቆርጦ ቀሪውን መብላት አይረዳም፤ የሻጋታው ክሮች ዓይን ወደማያየው ክፍል ዘልቀው ይገባሉና። የሻገተ በርበሬና ለውዝም ጉበትን የሚጎዳ መርዝ ሊኖረው ስለሚችል ማሸትና ማመስ አያድነውም። የተሠራ ወጥ ከሁለት ሰዓት በላይ ውጭ አይደር፤ ሲሞቅም እስኪንተከተክ ይሙቅ።

ለጨቅላ ልጅ እስከ ስድስት ወር የእናት ጡት ብቻ ይበቃዋል። በሐኪም ምክር የዱቄት ወተት የምትሰጥ እናት ግን ውሃውን አፍልታ ሙቀቱ ከ70 ዲግሪ ሳይወርድ ትበጥብጠው፤ አብርዳ ታጥባው፤ በሁለት ሰዓት ውስጥ ያላለቀውን ትድፋው። ጥቂት ብር ለማዳን ሲባል የልጅን ነፍስ ማስያዝ አይገባም።

በ2006 ዓ.ም. የወጣው የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813 ጊዜው ያለፈበትን ዕቃ መሸጥ ከልክሏል። እንግዲህ ቀኑ ያለፈበት ዕቃ ሲያጋጥምዎ በርካሽ ዋጋ ሳይታለሉ ባለሱቁ ከመደርደሪያው እንዲያነሳው ይንገሩት፤ እምቢ ካለም ለወረዳው ንግድ ወይም ጤና ጽሕፈት ቤት ያመልክቱ። እርስዎ የተዉትን ጣሳ አላዋቂ ጎረቤትዎ ለልጇ ልትገዛው ትችላለችና።