የቤት ምስጢርና የፊልም ኑዛዜ



ንስሐ የሚገባ ሰው ኃጢአቱን የሚናዘዘው ለነፍስ አባቱ ነው፤ ካህኑም የሰማውን ለሌላ መግለጥ አይፈቀድለትም። ታዲያ አንዳንድ ፊልም ሠሪዎች የቤታቸውን ኀዘን በሕዝብ ፊት ሲናዘዙ ብናይ ነውር ነው እንበልን? ከመፍረዳችን በፊት ሁለት ሥራዎችን እንመልከት።

ፕሮፌሰር ሳሌም መኩሪያ «የወንዝ ማዕበል» የተባለውን ፊልም የሠሩት በአብዮቱ ዘመን ደብዛው ስለ ጠፋ ወንድማቸውና ስለ ተገደለች የቅርብ ጓደኛቸው ነው። እንደ ዳኛ ከሩቅ ሆነው አልተናገሩም፤ እንደ እኅትና እንደ ጓደኛ እንጂ። ትውልደ ኢትዮጵያዊት የሆኑት ካናዳዊት ታማራ ዳዊትም በ2012 ዓ.ም. በወጣው «ሳሊን ፍለጋ» በተባለው ፊልማቸው፣ ኢሕአፓ ገብተው ከተሰወሩ በኋላ ቤተ ሰባቸው ዳግመኛ ያላያቸውን አክስታቸውን ታሪክ ዘመዶቻቸውን እየጠየቁ ፈለጉ።

ይህ ነገር የእኛንም ቤት ይነካል። በዘመሮም ሆነ በሌላው የመንዝ አገር ሰው ሲሞት ፍትሐት ይደረግለታል፤ በ40ኛው ቀንም ይታሰባል። በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. በቀይ ሽብር ደብዛው ለጠፋ ልጅ ግን 40ው ከየትኛው ቀን ይቆጠራል? እናቲቱ እንዳታለቅስ ተስፋ ያግዳታል፤ ተስፋ እንዳታደርግም የዘመኑ ርዝመት ይከለክላታል። ስለዚህ ዝም ትላለች፤ ዝምታውም ለልጅ ልጅ ይተላለፋል። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም እንዲሉ።

ዛሬ የእጅ ስልክ የያዘ ወጣት ሁሉ አጭር ፊልም ሊሠራ ይችላል፤ አንድ የቆየ ፎቶግራፍና አንድ የእውነት ድምፅ ይበቁታልና። ነገር ግን ሥርዓት ይጠብቅ። አስቀድሞ ስለ ራሱ ይናገር፤ ለምን ሳይጠይቅ እንደ ኖረ፣ ምን እንደ ፈራ ይግለጥ። የራስን ድርሻ መናገር ኑዛዜ ነው፤ የሌላውን ገመና ያለ ፈቃዱ ማውጣት ግን ሐሜት ነው። አያቱ «ይብቃኝ» ባሉ ጊዜ መቅረጹን ያቁም። የተሠራውንም ለጎረቤት ከማሳየቱ በፊት ለቤተ ሰቡ ያሳይ። ለነፍስ አባት የተነገረውን ግን ፈጽሞ አይንካ፤ ፊልም የንስሐን ቦታ አይተካምና።

ወጣቶች ሆይ፤ አረጋውያኑ በሕይወት ሳሉ ጠይቁ። ከሁሉም አስቀድማችሁ የጠፋውን ሰው የክርስትና ስም ጠይቃችሁ ጻፉት፤ በጸሎት የሚታሰበው በዚያ ስም ነውና።