ያውቁ ኖሯል? አዲስ አበባ ላይ ወርቅ ያጠለቀችው ጦር ወርዋሪ

አቃቂ ቃሊቲ ውስጥ ስለ አትሌቲክስ ከተነሳ ወሬው ሩጫ ነው። ከእንጦጦ ዝቅ፣ አየሩም ሞቅ ያለው የአቃቂ ሜዳ ስመ ጥር ሯጮቻችን ለልምምድ የሚመላለሱበት ነውና አያስደንቅም። የዛሬው ዓምዳችን ግን መሙን ተሻግሮ ወደ ሣሩ ይገባል፤ ወደ ሴቶች ጦር ውርወራ።

ያውቁ ኖሯል? በሚሌኒየሙ ዓመት የፋሲካ ሰሞን፣ ከሚያዝያ 22 እስከ 26 ቀን 2000 ዓ.ም.፣ አዲስ አበባ ስታዲየም 16ኛውን የአፍሪካ አትሌቲክስ ሻምፒዮና አስተናግዶ ነበር። የእኛ ሰው ዓይኑን ከሩጫው ሳይነቅል፣ በሜዳው መሀል የሴቶች ጦር ውርወራን ወርቅ የወሰደችው ደቡብ አፍሪካዊቷ ሱኔት ቪልዮን ናት። ከስምንት ዓመት በኋላ የኦሊምፒክ ሜዳሊያ የምታጠልቅ ሴት እዚሁ እኛ ዘንድ፣ እምብዛም ሳናያት ወርውራ ሄደች።

ያውቁ ኖሯል? ሱኔት ክሪኬት ተጫዋችም ነበረች። በ1983 ተወልዳ (ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመታት በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው) ከ2000 እስከ 2002 ለአገሯ የሴቶች ብሔራዊ ክሪኬት ቡድን ተሰልፋለች። ክሪኬት ኳስን ከሜዳው ጠርዝ ወደ መሀል በኃይል መወርወርን የሚጠይቅ ጨዋታ ነው። ክንዷ አንድም እዚያ የተፍታታ ይመስለኛል።

የዓለም መድረክ ግን ቶሎ እጁን አልሰጣትም። በ2004 አቴንስ ኦሊምፒክ ላይ ከማጣሪያው አላለፈችም። አዲስ አበባ ላይ ወርቅ ባጠለቀችበት በ2008 ቤጂንግ ሄደች፤ እንደገና ከማጣሪያው ቀረች። ሁለት ኦሊምፒክ ሄዶ ባዶ እጅን መመለስ ብዙዎችን ጦሩን ያስጥላል፤ እሷን አላስጣላትም። በ2011 ዴጉ ላይ የዓለም ሻምፒዮና ሜዳሊያ አገኘች። በሰኔ 2012 ኒው ዮርክ ላይ 69.35 ሜትር ወርውራ የአፍሪካን ክብረ ወሰን ያዘች። የእግር ኳስ ሜዳ የጎን ስፋት 68 ሜትር ነውና ጦሯ ሜዳውን ከዳር እስከ ዳር ተሻግሮ ያልፋል ማለት ነው።

ከሁለት ወር በኋላ ለንደን ኦሊምፒክ ላይ ደግሞ አራተኛ ወጣች። የወረወረችው 64.53፣ የነሐስ ባለቤቷ 64.91። 38 ሴንቲ ሜትር! ሰኔ ላይ የወረወረችውን ብትደግም ብር በእጇ ነበር።

ሪዮ 2016 ላይ ተሳካላት። በ32 ዓመቷ፣ በአራተኛ ኦሊምፒኳ፣ 64.92 ሜትር ወርውራ ብር አገኘች፤ በኦሊምፒክ ጦር ውርወራ ሜዳሊያ ያገኘች የመጀመሪያዋ አፍሪካዊት ሴት ሆነች። አልማዝ አያና በ10,000 ሜትር 29:17.45 ሮጣ የዓለምን ክብረ ወሰን የሰበረችው በዚያው ስታዲየም፣ ስድስት ቀን ቀደም ብላ ነው።

ያውቁ ኖሯል? ነገሩ በሱኔት አላበቃም። በፓሪስ 2024 ሌላዋ ደቡብ አፍሪካዊት ጆ-አኔ ፋን ዳይክ 63.93 ወርውራ ብር ወሰደች። ሁለቱንም ያሠለጠነው አንድ ሰው ነው፤ ቴርሴስ ሊበንበርግ። እኔን ከሁሉም በላይ የሚያስቀናኝ ይህ ነው። አንድ አሠልጣኝ በሥራው ሲጸና ለአገር ሁለት የኦሊምፒክ ሜዳሊያ ይተርፋል።

ያውቁ ኖሯል? የሴቶች ጦር 600 ግራም፣ የወንዶቹ 800 ግራም ይመዝናል። ጦሩ መሬት ላይ ባይተከልም ውርወራው ይጸድቃል፤ ግዴታው የብረት ጫፉ ቀድሞ መሬት መንካቱ ነው። ምሥራቅ ጀርመናዊቷ ፔትራ ፌልከ በ1988 ልክ 80 ሜትር ወርውራለች። በ1999 የጦሩ ክብደት ወደ ፊት እንዲያመዝን ተደርጎ ስለተቀየረ ያ ውጤት በአሮጌው መዝገብ ቀርቷል። የአሁኑ የዓለም ክብረ ወሰን የቼኳ ባርቦራ ሽፖታኮቫ 72.28 ሜትር ነው፤ የተመዘገበውም በ2008።

ያውቁ ኖሯል? አበበ ቢቂላ በሮም 1960 በባዶ እግሩ ማራቶንን ባሸነፈበት ኦሊምፒክ፣ የሴቶች ጦር ውርወራን ብር የወሰደችው የ37 ዓመቷ ቼኮስሎቫኪያዊት ዳና ዛቶፕኮቫ ነበረች። የታላቁ ሯጭ የኤሚል ዛቶፔክ ባለቤት ናት። ሁለቱም የተወለዱት በአንድ ቀን፣ ሴፕቴምበር 19 ቀን 1922 ሲሆን፣ በሄልሲንኪ 1952 እሱ 5,000 ሜትርን፣ እሷ ጦር ውርወራን በአንድ ቀን አሸንፈዋል። ምሩጽ ይፍጠር ሞስኮ 1980 ላይ ሁለት ወርቅ ሲያመጣልን ደግሞ፣ የጦሩን ወርቅ የወሰደችው ኩባዊቷ ማሪያ ካሪዳድ ኮሎን ናት፤ በመጀመሪያ ሙከራዋ በወረወረችው 68.40።

ወደ አገራችን እንመለስ። ኢትዮጵያ እስከ ፓሪስ 2024 ያገኘቻቸው የኦሊምፒክ ሜዳሊያዎች በሙሉ የሩጫ ናቸው፤ ከ800 ሜትር እስከ ማራቶን። የከፍታ አገር ሰው ለውርወራ አይሆንም የሚለኝ ካለ ኬንያዊውን ጁሊየስ ዬጎን እጠራለታለሁ። የሯጮች መፍለቂያ በሆነችው ናንዲ ተወልዶ፣ አወራወሩን የዩቲዩብ ቪዲዮ እያየ ተምሮ፣ በ2015 ቤጂንግ ላይ በ92.72 ሜትር የዓለም ሻምፒዮን ሆኗል። ውርወራስ ለእኛ መች ባዳ ሆነና? በፈረስ ጉግስ ከሚጋልብ ፈረስ ላይ ዘንግ ሲወረወር፣ በጋሻ ሲመከት ኖሯል፤ ያ የወንዶች ጨዋታ ሆኖ ቆየ እንጂ። የብረታ ብረት ፋብሪካ ባለበት በአቃቂ ቃሊቲም ለልምምድ የሚሆን ዘንግ የሚያበጅ ባለሙያ የሚጠፋ አይመስለኝም።

በአቃቂ ቃሊቲ ትምህርት ቤቶች የምታስተምሩ የስፖርት መምህራን ሆይ፤ ከ18 ዓመት በታች ሴቶች የሚወረውሩት ጦር 500 ግራም ብቻ ነው። ከክፍል ጓደኞቿ ሁሉ ኳስ አርቃ የምትወረውር ልጅ ካለቻችሁ፣ ወደ ሩጫው ከመውሰዳችሁ በፊት እባካችሁ ሜትር አውጥታችሁ ውርወራዋን ለኩላት።