ባለ ኩምቢው ጥብጣብ ትል

ጥብጣብ የመሰለ ትል ሲባል ለብዙዎቻችን ቶሎ ትዝ የሚለን ኮሶ ነው። ዛሬ የምናነሳው ትል ግን ሰው ሆድ ውስጥ አይገባም፤ ከኮሶ ጋር ያለው ዝምድናም የራቀ ነው። የሚመደበው ኔመርቲያ በሚባለው የእንስሳት ክፍል ሲሆን፣ በዚህ ክፍል 1,300 ያህል ዝርያዎች ይታወቃሉ። አብዛኞቹ የባሕር ነዋሪዎች ናቸው። ከውኃ ወጥተው በየብስ መኖር የቻሉት ከሃያ አይበልጡም።

ከእነዚህ ጥቂቶች አንዱ ጂኦኔመርተስ ፔላኤንሲስ ነው። የዝርያ ስሙን ያገኘው በምዕራብ ፓስፊክ ውቅያኖስ ካሉት የፓላው ደሴቶች ነው። እ.ኤ.አ. በ1863 ለሳይንስ ዓለም ያስተዋወቀው ጀርመናዊው ካርል ሴምፐር ነበር። ርዝመቱ ጥቂት ሴንቲ ሜትር ብቻ ነው። ሰውነቱ ለስላሳ ስለሆነ ድርቀት ይገድለዋል፤ ስለዚህ በንፍጥ መሰል ፈሳሽ ተሸፍኖ በረጠበ ቅጠል፣ በድንጋይና በበሰበሰ ግንድ ሥር ይኖራል።

ይህን ደካማ የሚመስል ፍጥረት አዳኝ ያደረገው ኩምቢው ነው። እንደ ዝሆን ኩምቢ ዘወትር ከፊቱ ተንጠልጥሎ አይታይም፤ ፈሳሽ በሞላበት ከረጢት ውስጥ፣ እንደተገለበጠ የካልሲ ጫፍ ተሰብስቦ ይቀመጣል። ትሉ የከረጢቱን ጡንቻዎች ሲያጠብቅ ፈሳሹ ይገፋዋል፤ ኩምቢውም ውስጡ ወደ ውጭ እየተገለበጠ ይወነጨፋል። ተጣባቂ ስለሆነ የነካውን ይይዛል፤ በላዩ ያለችው መርፌ መሰል ሹል አካልም ታዳኙን ትወጋለች።

የዚህ ኩምቢ ኃይል ጎልቶ የታየው ከቶኪዮ ወደ ደቡብ 1,000 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀው በሚገኙት የጃፓን ኦጋሳዋራ ደሴቶች ነው። ትሉ እዚያ የታየው እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ መጀመሪያ ሲሆን፣ ሰዎች ካጓጓዙት አፈርና ችግኝ ጋር እንደገባ ይታመናል። እ.ኤ.አ. በ2017 የወጣ የጃፓን ተመራማሪዎች ጥናት እንዳሳየው፣ ትሉ በተስፋፋባቸው ደኖች በወደቀ ቅጠል ውስጥ የሚኖሩት የሸርጣን ዘመዶች፣ ማለትም ትንንሾቹ ባለ ብዙ እግር ፍጥረታት፣ ከሞላ ጎደል ጠፍተዋል። ተመራማሪዎቹ ትሉን ከተለያዩ እንስሳት ጋር አንድ ላይ አስቀምጠው ሲከታተሉ ሸረሪቶችንና ነፍሳትንም አደነ፤ ቀንድ አውጣንና የመሬት ትልን ግን አልነካም።

ጉዳቱ በታዳኞቹ አያበቃም። የጠፉት ፍጥረታት የወደቀውን ቅጠል እየበሉ ወደ አፈርነት እንዲመለስ የሚያግዙ ሠራተኞች ናቸው። እነሱ ሲያልቁ ደኑ አፈሩን የሚያድስበት ሥራ ይጎድላል። ይህ የደረሰው ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2011 በዓለም ቅርስነት በተመዘገበ ሥፍራ ነው።

ትሉን ክፉ ልንለው አይገባም። በተፈጥሮ ቦታው የሚያድነው ለመኖር ነው፤ አሠራሩም ሊደነቅ የሚገባው ነው። እንዲህ ያለ አዳኝ የማያውቁ ፍጥረታት ወዳሉበት ደሴት ያደረሰው የሰው እጅ ነው። አንዴ በአፈር ውስጥ ከተስፋፋ ለቅሞ ማጥፋት እጅግ አዳጋች ስለሆነ፣ ዋናው መድኃኒት ቀድሞ መጠንቀቅ ነው። ስለዚህ ከአገር አገር ስትጓዙ ጫማችሁ ላይ የተጣበቀውን ጭቃ አጥባችሁ ተነሱ፤ አፈር ያለበትን ችግኝም ሳታስመረምሩ ይዛችሁ አትሻገሩ።